ምስሉ ከጠፋ በኋላ

ባለፈው ወር እዚህ ቦንጋ፣ አንድ የስብሰባ አዳራሽ ውስጥ ተቀምጬ፣ ከዋጫና ከቢታ ገነት ወረዳ ከተሞች ሰዎች ጋር በኢንተርኔት ፊት ለፊት እየተያየን እንነጋገር ነበር። ጉዳዩ ከባድ አልነበረም። የገበያ መረጃ በስልክ ለገበሬው እንዴት ይድረስ የሚል ነው። በመሀል የዋጫዎቹ ምስል ቀጥ አለ፤ አንዲት ሴት አፏን እንደከፈተች ቀረች፤ ከዚያ ጨለመ። መሣሪያውን የሚቆጣጠረው ወጣት ባለሙያ ቀና እንኳ ሳይል "ወጥተዋል፤ አይሰሙንም፤ እንቀጥል" አለ። ይህን የሰማ አንድ ተሰብሳቢ ወደ ጎረቤቱ ዘንበል ብሎ ስለ ዋጫው ኃላፊ የማይገባ ነገር ተናገረ። ጥቂት ሰዎች ሳቁ።

ሳላስበው ብድግ ብዬ ልጁን "አይሰሙንም አትበል፤ አላውቅም በል" አልኩት። ድምፄ ካሰብኩት በላይ ወጥቶ ኖሮ አዳራሹ ሁሉ ዞሮ አየኝ። አንዱ፣ ጋሽ ሰለሞንን ዛሬ ምን ነካቸው ሲል ሰማሁት። ከስብሰባው በኋላ ልጁ ተከትሎኝ ወጥቶ ይቅርታ ጠየቀኝ። ይቅርታ የሚያስጠይቅ ነገር እንዳላደረገ ነገርኩት፤ ምክንያቱን ግን በር ላይ ቆሜ ልነግረው አልቻልኩም። ረጅም ነው። ስለዚህ መጻፍ ይሻላል አልኩ።

ወደ ከፋ የመጣሁት ተመርቄ በወጣሁበት ዓመት ነው። የደብረ ብርሃን ልጅ ነኝ። በዚያ ብርድ ያደገ ሰው ዝናብ አያስፈራውም እያልኩ ነበር አውቶቡስ የተሳፈርኩት። የከፋን ዝናብ አላውቀውማ። እዚህ ዝናቡ ከመድረሱ በፊት ድምፁ ከጫካው ውስጥ ይመጣል፤ ብዙ ሰው ከሩቅ የሚያጨበጭብ ይመስላል፤ ቀና ብላችሁ ምንድን ነው እስክትሉ በላያችሁ ነው። በመጀመሪያው ክረምት አልጋ ሥር ያስቀመጥኩት የእሁድ ጫማ ሻግቶ አረንጓዴ ሆነ። ቆጮም እንደዚሁ አስቸግሮኝ ነበር። አከራዬ በጎመንና በአይብ ሲያቀርቡልኝ ለይሉኝታ እየቆነጠርኩ እተወው ነበር። ዓመት ሳይሞላ ግን ለእረፍት አገሬ ገብቼ፣ የእናቴ ገበታ ፊት ተቀምጬ ቆጮ ያማረኝ ሰው ሆንኩ። አገር የሚለመደው በሆድ በኩል ነው መሰለኝ።

የተቀጠርኩት ለአዲሱ መሣሪያ ነበር። በየወረዳው አስተዳደር ግቢ አንድ ትልቅ ነጭ የሳተላይት ሰሃን ተተክሎ፣ በአዳራሹ ውስጥ ትልቅ ቴሌቪዥን፣ ካሜራና ማይክሮፎን ተገጥሞ ነበር። ቦንጋ ያለው ሰው ዋጫ ያለውን፣ ቢታ ገነት ያለውን እያየ ያነጋግራል። ሰዉ "ፕላዝማው" ይለው ነበር። ያኔ ሞባይል ገና ብርቅ ነው፤ ቢኖርም ክረምት ሲገባ ኔትወርኩ ይሞታል። የመስመር ስልክ ደግሞ ዛፍ በወደቀ ቁጥር ይቆረጣል። ሰሃኑ ግን ሰማይ ሰማዩን ስለሚያይ ብዙ ጊዜ ይሠራል።

መጀመሪያ ላይ መሣሪያው የኃላፊዎች ብቻ ነበር። ከላይ መመሪያ ይነበባል፤ እኛ አግዳሚ ላይ ተደርድረን እናንቀላፋለን። ነገሩ የተለወጠው በአንድ በቅሎ ነው። በገበያ ቀን ዋጫ ላይ አንድ ገበሬ ተሰብሳቢዎቹን ሰንጥቆ ገብቶ፣ በቅሎዬ ጠፍታለች፣ ቦንጋ ገበያ ያያት አለ ወይ ብሎ በካሜራው ፊት ቆመ። ሊያስወጡት ሲሉ ከእኛ በኩል ያለው የጥበቃ ሠራተኛ በቅሎዋን ቄራው አጠገብ ታስራ እንዳየ ተናገረ። በቅሎዋ ተገኘች። ከዚያ በኋላ ሰዉን የሚያቆመው ጠፋ። ታማሚ ዘመድ ያለው፣ ልጁ ቦንጋ የሚማርበት፣ ከብት የጠፋበት ሁሉ ስብሰባ ሲያልቅ ደጅ ቆሞ ይጠብቀናል። ኃላፊዎቹ በመጀመሪያ አጉረመረሙ፤ በኋላ ግን፣ በሳምንት አንድ ከሰዓት በኋላ መሣሪያው ለሕዝቡ ክፍት ይሁን ወይስ አይሁን የሚል ስብሰባ ተጠራ። ልነግራችሁ የፈለግሁት የዚያን ስብሰባ ቀን ነው።

ለስብሰባው ከቢታ ገነት አቅራቢያ ጋሽ ገረመው የሚባሉ ሽማግሌ መጥተው ነበር። በአገራቸው የተጣላ የሚያስታርቁ፣ ንብ የሚያረቡ፣ ረጅም፣ ዝምተኛ ሰው ናቸው። አፋቸውን የፈቱት በካፊኖኖ ስለሆነ አማርኛን ቀስ እያሉ፣ ቃል እየመረጡ ነው የሚናገሩት። ሁለት መኪና ቀይረው ቦንጋ የመጡት ይህን ጉዳይ በአካል ለመናገር ነው። ያሉትም እስካሁን ትዝ ይለኛል። በእኛ አገር የለቅሶ ወሬ በእግር ነው የሚሄደው አሉ፤ ራቅ ያለው ዘመድ ሲሰማ ቀብሩ አልፏል፤ የቀረው ሰው ቂም ይያዝበታል፤ እኔ ካበረድኳቸው ጠቦች ብዙዎቹ የተነሱት ሳይሰማ ከቀረ ለቅሶ ነው፤ ይህ ነገር ወሬ የሚያደርስ ከሆነ ለእኔ ሥራ ያቀልልኛል። አዳራሹ ሳቀ፤ እሳቸው ግን አልሳቁም።

በዚያን ቀን ጠዋት ከዋጫ ወደ ቢታ በሚወስደው መንገድ ላይ ያለው ወንዝ ሞልቶ የእንጨቱን ድልድይ እንደወሰደው ከስክሪኑ ሰምተን ነበር። ጋሽ ገረመው ወደ ቤታቸው መመለሻ እንደሌላቸው አውቀው፣ ወንዝ ይጎድላል ብለው ተቀምጠዋል።

ስብሰባው ከተጋመሰ በኋላ በስክሪኑ ላይ የቢታ ገነት አዳራሽ በር በኃይል ተከፈተ። የገባው ታምራት ነው። ታምራት የጤና ጣቢያው ጤና መኮንን ሲሆን፣ በዚያው ዓመት ተመርቆ ከሐዋሳ የመጣ ወጣት ነው። ቦንጋ ሲመጣ አብረን ኳስ እንጫወት ስለነበር አውቀዋለሁ። ነጭ ጋውኑ ከደረቱ በታች ቀይ ነበር። ማንንም ሳያስፈቅድ ካሜራው ፊት ቆሞ ተናገረ። አንዲት እናት መውለዷን፣ ልጁ ደህና መሆኑን፣ እሷ ግን ደሟ አልቆም ማለቱን፣ ያለውን መድኃኒት ሁሉ መስጠቱን፣ ወደ ቦንጋ ሆስፒታል እንዳይልካት መንገድ እንደሌለ፣ ስልክም እንደማይሠራ ነገረን። ዶክተር አምጡልኝ፣ ምን እንደማደርግ ይንገረኝ አለ።

ሰብሳቢው ከልማድ ይመስለኛል የታማሚዋን ስም ጠየቁት።

"ወርቅነሽ ገረመው" አለ።

ከፊት ወንበር አንድ ረጅም ሰው ብድግ ሲል አየሁ። ጋሽ ገረመው ናቸው። እጃቸውን ወደ ስክሪኑ ዘርግተው፣ እንደ ዓይነ ስውር እየዳበሱ፣ ጠረጴዛ እስኪያስቆማቸው ድረስ ሄዱ። በኋላ እንደነገሩኝ፣ ልጃቸው ገና ወር የቀራት መስሏቸው ነበር ትተዋት የመጡት።

ሰው በሞተር ብስክሌት ወደ ሆስፒታሉ በረረ። ዶክተር ሂሩት ከእግር እስከ ራሷ በዝናቡ በስብሳ ገባች። ከእኔ ጥቂት ዓመት ብትበልጥ ነው፤ ሁለታችንም አንድ ግቢ ውስጥ ክፍል ተከራይተን ስለምንኖር እንቀራረባለን። ሳቂታ ናት። ያን ቀን ፊቷን አይቼ ሌላ ሰው መሰለችኝ። ታምራት በጤና ጣቢያውና በአዳራሹ መካከል እየተመላለሰ ሊያስረዳት ሲሞክር አቋረጠችው። እጁን ካላየች ልትረዳው እንደማትችል ነገረችው፤ ጤና ጣቢያው ከአጥሩ ማዶ ስለሆነ በቃሬዛ እንዲያመጧት አዘዘች።

ወርቅነሽን ሲያስገቧት ያየሁት ለቅጽበት ነው። ከገበያ የሮጡ ሴቶች ተከትለው ገብተው ነበር። ማንም ሳይነግራቸው ነጠላቸውን ከትከሻቸው አውርደው፣ ጫፍ ለጫፍ ይዘው ግድግዳ ሠሩላት፤ ለካሜራው ብቻ ክፍተት ተዉለት። ዶክተር ሂሩት በእኛ በኩል ያለውን ወንድ ሁሉ አስወጣች። ሰብሳቢው በር ላይ ቆሙ። እኔ መውጣት አልችልም፤ መስመሩ ቢናጋ የሚያስተካክለው ሌላ ሰው የለም። ስለዚህ ወንበሬን አዙሬ፣ ጀርባዬን ለስክሪኑ ሰጥቼ፣ ፊቴን ወደ መሣሪያው መብራቶችና ወደ ግድግዳው አድርጌ እንድቀመጥ ነገረችኝ። ጋሽ ገረመውንም ከአጠገቤ አስቀመጠቻቸው። አባት ናቸውና ማየት አይገባቸውም፤ ድምፃቸው ግን ያስፈልጋል።

"አባባ፣ ያናግሯት" አለቻቸው። "እንዳትተኛብን። እንድትመልስልዎት ያድርጉ።"

ማይክሮፎኑን ሁለት እጃቸው ውስጥ አስገባሁላቸው። እንዲህ ሆነን፣ ሁለት ወንዶች ጎን ለጎን ባዶ ግድግዳ እያየን ተቀመጥን።

የዚያን ሰዓት ያየሁት አምስት ስድስት አረንጓዴ መብራቶችን ነው። የሰማሁት ግን ዕድሜዬን ሙሉ አይለቀኝም። የታምራትን ትንፋሽ እሰማለሁ። የዶክተር ሂሩትን አጫጭር ትእዛዝ እሰማለሁ፤ አንዱን እጅህን ጨብጠህ ከውስጥ፣ ሌላውን ከሆዷ በላይ፣ አሁን በሁለቱ መካከል ተጫን፣ አታንሳ። የአንድ ሕፃን ለቅሶ ከሩቅ እሰማለሁ። በዚህ ሁሉ መካከል ጋሽ ገረመው በካፊኖኖ ይናገራሉ። ቋንቋውን ያኔ ገና ከሰላምታ በላይ አላውቀውም። ድምፃቸው ረጋ ያለ ነው፤ ሰው ማታ እሳት ዳር ስለ ነገ ሥራ የሚያወራ ይመስላል። ይጠይቃሉ፤ ዝም ብለው ይጠብቃሉ። ከማዶ ቀጭን ድምፅ ይመልሳል። የሚገርመው፣ መልሷ አንዳንዴ የቁጣ ይመስል ነበር።

ታምራት "ዶክተር፣ እጄ ዛለ" አለ።

ዶክተር ሂሩት አብራው ያለችው ነርስ እንድትተካው፣ ሲተካኩ ግን ለአፍታም ክፍተት እንዳይኖር ነገረችው። ነርሷ ተካችው። እንደገና እሱ ተካት። ደሙ ቀንሷል ወይ ብላ ስትጠይቀው "የቀነሰ ይመስለኛል፣ ግን" አለ።

ከዚያ ሌላ ቃል አልመጣም። ትንፋሹም፣ የሕፃኑም ድምፅ፣ የሴቶቹም ሹክሹክታ አንድ ላይ ጠፋ። የቆርቆሮው ላይ ዝናብ ብቻ ቀረ። ዶክተር ሂሩት ምስሉ ጠፋ አለች። ታምራት፣ ታምራት፣ ትሰማኛለህ እያለች ደጋግማ ጠራችው። ዞሬ አየሁ፤ ስክሪኑ ጥቁር ነው።

ምን እንደሆነ ጠየቀችኝ። ሽቦውን ሁሉ ነካካሁ። በእኛ በኩል የተበላሸ ነገር የለም፤ ከእነሱ በኩል ግን ምንም አይመጣም። ያንኑ ነገርኳት።

"የእኛ ድምፅ ይደርሳቸዋል?" አለችኝ።

እዚህ ላይ ትንሽ ልቁም። ሥልጠና ላይ የተነገረን መስመር ሲቋረጥ ከሁለቱም ወገን እንደሚቋረጥ ነው። በሥራ ላይም ሌላ አይቼ አላውቅም። "አይደርስም" የሚለው ቃል ምላሴ ላይ ነበር፤ ከንፈሬ ተከፍቶም ነበር። ጋሽ ገረመው ወደ እኔ ዞሩ። አልለመኑኝም፤ ፊታቸው ላይ ልመና አልነበረም። መንገድ የጠፋበት ሰው መስቀለኛ ላይ ያገኘውን ሰው እንደሚያየው ነው ያዩኝ። እኔም በእርግጥ አውቃለሁ ወይ ብዬ ራሴን ጠየቅሁ። ቢታ ገነት ያለውን መሣሪያ በዓይኔ አላየሁትም።

"አላውቅም" አልኩ።

በሩ ላይ የቆሙት ሰብሳቢ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው "አለቀች ማለት ነው፤ ነፍስ ይማር" አሉ። ክፉ ሰው አልነበሩም። ሁላችንም ያሰብነውን ነው የተናገሩት። ዶክተር ሂሩት ፊቷን በሁለት እጇ ሸፍና አለቀሰች። ከዚያ በእርጥብ እጅጌዋ ፊቷን ጠረገች፤ ወደ ጥቁሩ ስክሪን ቀና አለች።

"ታምራት፣ የምትሰማኝ ከሆነ እጅህን አታንሳ። ማንም ምንም ቢል አታንሳ።"

ጋሽ ገረመውም ፊታቸውን ወደ ግድግዳው መልሰው ንግግራቸውን ቀጠሉ። እንደቅድሙ ይጠይቃሉ፤ ዝም ብለው ይጠብቃሉ፤ መልስ የሰጧቸው ይመስል ራሳቸውን ነቅንቀው ሌላ ይጠይቃሉ። ለመልሱ የሚተዉት ጊዜ ልክ እንደቅድሙ ነበር። ያ ዝምታቸው ነው ያስደነገጠኝ። ሰውዬው አእምሯቸውን ሳቱ ብዬ ፈራሁ። እንዲህ እየተቀባበሉ፣ አንዷ በአማርኛ እያዘዘች፣ አንዱ በካፊኖኖ እያወሩ፣ የቦንጋ መብራት ራሱ እስኪጠፋ ድረስ ቀጠሉ። መብራቱ ሲሄድ ሁሉም ነገር ጸጥ አለ፤ ከዚያ በኋላ የሚደረግ ነገር አልነበረም።

በማግስቱ ጠዋት የሆስፒታሉ ላንድክሩዘር ተነሳ። ዶክተር ሂሩት ደም የያዘ የበረዶ ሣጥን እግሯ መካከል አድርጋ፣ ጋሽ ገረመው ከፊት፣ እኔ የመሣሪያ ቦርሳዬን ይዤ ከኋላ። ዝናቡ አባርቶ ጫካው ይተናል። መንገዱ ቀይ ጭቃ ነው፤ መኪናው እንደ ጀልባ ይንሸራተታል። ከመንገዱ ግራና ቀኝ በትልልቁ ዛፍ ጥላ ሥር ቡናው ርሶ ያብረቀርቃል፤ ጉሬዛዎች ከቅርንጫፍ ቅርንጫፍ ነጭ ጭራቸውን እያውለበለቡ ይዘላሉ። በሌላ ቀን ቢሆን መኪና አስቁሜ የማየው ነገር ነው። ያን ቀን ውበቱ እንደ ስድብ ሆነብኝ። ዋጫ ላይ ሻይና ዳቦ አዘዝን፤ ጋሽ ገረመው ብርጭቆውን ይዘው እስኪቀዘቅዝ ድረስ አዩት እንጂ አልቀመሱም።

ወንዙ ጎድሎ ነበር፤ ድልድዩ ግን የለም። የአካባቢው ሰዎች አንድ ትልቅ ግንድ አጋድመውበታል። ማዶ ሰዎች ቆመዋል። በዚህ አገር መርዶ ካለ የሚቀበላችሁ ሰው መሬት መሬት ያያል። ጋሽ ገረመው ግንዱ ላይ ከመውጣታቸው በፊት እጃቸውን ግንባራቸው ላይ አድርገው የሰዎቹን ፊት አንድ በአንድ ለመለየት ሞከሩ። ሩቅ ነበር። ተሻገርን። ከቆሙት አንዱ ጠጋ ብሎ በካፊኖኖ አንድ ነገር ነገራቸው። ጭቃው ላይ ቁጭ አሉ፤ አፋቸውን በመዳፋቸው ያዙ።

እኔና ዶክተሯ ቋንቋውን አናውቅም። ወርቅነሽ የሞተች መሰለን። ዶክተር ሂሩት የበረዶ ሣጥኑን መሬት አስቀምጣ ዞረች። ከዚያ ሰዎቹ ሲስቁ ሰማን። እንዴት ይሳቃል ብዬ ደሜ ፈላ። ሰውየው ሁኔታችንን አይቶ በአማርኛ ነገረን።

"ኧረ ደህና ናት። ትናንት የላሚቱን ስም ተሳስተዋል፣ ልጅዎ እንደተናደደች ናት ብዬ ነው የነገርኳቸው።"

የተናገረው ወዲያው አልገባኝም። መኪናውን ከወንዙ ማዶ ትተን በእግር ትንሽ እንደ ሄድን ነው ጥያቄው የመጣብኝ። ስለ ላም መወራቱን እነዚህ ሰዎች በምን አወቁ? ጋሽ ገረመውን ጠየቅኋቸው። ወርቅነሽ ከልጅነቷ ጀምሮ ስህተት ሰምታ ማለፍ እንደማትችል ነገሩኝ። ስለዚህ ሆን ብለው ሁሉን ነገር እያሳሳቱ ይጠይቋት ነበር፤ የላሞቹን ስም፣ የቀፎዎቹን ቦታ፣ እናቷ የተቀበረችበትን ዓመት። እሷ ደግሞ እየተቆጣች ታርማቸው ነበር። የላሚቱን ጥያቄ መቼ እንደጠየቋት ጠየቅኋቸው።

"መጨረሻ ላይ ነው" አሉ። "መብራት ሊጠፋ ሲል።"

ያኔ ስክሪኑ ጥቁር ከሆነ ብዙ ቆይቶ ነበር።

ታምራት አዳራሹ በር ላይ ጠበቀን። ዓይኑ ደም መስሏል፤ ጣቶቹ ከድካም ብዛት ግማሽ ተጨብጠው ቀርተዋል። የተበላሸው የእነሱ መላኪያ ብቻ እንደነበር ነገረን። መቀበያው ይሠራል። የቦንጋ መብራት እስኪጠፋ ድረስ የእኛ ምስል ለአንዲት ደቂቃም አልጠፋባቸውም።

"ሁላችሁንም እናያችሁ ነበር" አለ። ወደ ዶክተር ሂሩት ዞሮ "ሲያለቅሱም አይተናል" አላት።

ፊቷ አመድ መሰለ። ታምራት የቀረውን ነገረን። ሰብሳቢው "አለቀች" ሲሉ የእነሱ አዳራሽ ሁሉ ሰምቷል። ነጠላ ከያዙት ሴቶች አንዷ መጮህ ጀመረች። ነርሷ ከአጠገቡ ፈቀቅ አለች። እሱም የመጨረሻው መስሎት ነበር፤ ዶክተሯ ካለቀሰች አልቋል ማለት ነው ብሎ እጁን ሊያወጣ ነበር። ያኔ ነው ዶክተር ሂሩት ቀና ብላ አታንሳ ያለችው። ከዚያ በኋላ ሳያነሳ፣ ከነርሷ ጋር እየተተካካ፣ ደሙ እስኪቆም ቆየ። ጋሽ ገረመው ግድግዳውን እያዩ ሲጠይቁ ወርቅነሽ ትመልስላቸው ነበር። እንደማይሰሟት ማንም አልነገራትም።

ሰሃኑ ሥር ወጥቼ መላኪያውን ፈታሁት። ውኃ ገብቶበት ተቃጥሏል። ከመዳፌ የማትበልጥ ጥቁር ዕቃ ናት። እሷን ይዤ እርጥብ ሣሩ ላይ ተቀመጥኩ። አይደርስም የሚለው፣ ያ ምላሴ ላይ የነበረው ቃል ትዝ አለኝ። ብናገረው ኖሮ ዶክተሯ ወደ ሌሎች በሽተኞቿ ትሄዳለች፤ እኔም እንደ ደንቡ መሣሪያውን አጠፋለሁ። እነሱ ደግሞ በዚያ በኩል ሆነው ተነስተን ስንወጣ፣ ስክሪኑ ሲጨልም ያዩናል።

ቀትር ላይ ጋሽ ገረመው ቤት ተጠራን። ቆጮ በቅቤ፣ ከቀፎ የወጣ ነጭ ማር ቀረበ። የምወደው ምግብ ነው፤ አንድ ጉርሻ በልቼ ተውኩት። ወርቅነሽ ከጤና ጣቢያው ገና አልወጣችም። ሄደን አየናት፤ የተሰጣት ደም እየገባላት ነበር። ልጇን አሳየችን፤ ወንድ ነው። ዶክተር ሂሩት እጇን ይዛ፣ ትናንት እኛ በር ላይ የተባለውን ሰምታ እንደሆነ ቀስ ብላ ጠየቀቻት። ወርቅነሽ ሰምቻለሁ አለች።

"ሰውየው ቸኮለ" አለች።

ስብሰባው በሚቀጥለው ሳምንት ቀጠለ፤ መሣሪያው ለሕዝቡ እንዳይከፈት የተከራከረ ሰው ግን አልነበረም። ሞባይል በየኪሱ እስኪገባ ድረስ ለዓመታት ያ አዳራሽ የለቅሶ ወሬ የሚነገርበት፣ የጠፋ ከብት የሚፈለግበት፣ ተጣልተው መንገድ የራቃቸው ሰዎች በሽማግሌ ፊት የሚታረቁበት ቦታ ሆኖ ኖረ። ጋሽ ገረመው ራሳቸው ከቢታ ገነት ሆነው ቦንጋ ያለ ሰው ሲያስታርቁ ብዙ ጊዜ መስመሩን የያዝኩላቸው እኔ ነኝ።

እኔም እዚሁ ቀረሁ። እዚሁ አገባሁ፤ ልጆቼ በእናታቸው ቋንቋ ሲያሙኝ አሁን ይገባኛል። መንገዱም ተለውጧል፤ ያ ወንዝ የሲሚንቶ ድልድይ አለው። ጋሽ ገረመው ካረፉ ጥቂት ዓመታት ሆኗቸዋል። ከማረፋቸው ከብዙ ዓመት በፊት አንድ ቀን፣ ያን ጊዜ ድምፅዎ አይደርስም ብልዎት ኖሮ ምን ያደርጉ ነበር ብዬ ጠየቅኋቸው። ጥያቄው ያስገረማቸው ይመስላል።

"ታዲያ ዝም ልበላት?" አሉኝ።

ይህ መልስ ለረጅም ጊዜ አጽናንቶኝ ነበር። ሰው ይደርሳል ብሎ ብቻ አይደለም የሚናገረው፤ እሳቸው በማንኛውም መንገድ ይናገሩ ነበር ብዬ እፎይ አልኩ። ግን ዶክተር ሂሩት ወደ ጅማ ስትዛወር፣ ዕቃዋን መኪና ላይ እየጫንኩላት ያንኑ ጥያቄ ለእሷም አቀረብኩላት። እሷ ለማጽናናት አትዋሽም። ገመዱን ስታጠብቅ ቆይታ፣ አቆም ነበር አለችኝ፤ ሆስፒታል ሌሎች ሰዎች ይጠብቁኝ ነበር አለች። የአባትየው ድምፅ ወርቅነሽን ከእንቅልፍ ይጠብቃት ይሆናል፤ የታምራትን እጅ ግን የያዘው የዶክተሯ ድምፅ ነበር። እኔም መሣሪያውን አጥፍቼው ቢሆን ኖሮ የአባትየውም አይደርስም ነበር።

ዛሬ ወጣቶቹ ቴክኖሎጂ ለአካባቢያችን ምን እንዳመጣ ንገሩን ሲሉን፣ እኔም እንደ ሰው ሁሉ ስለ ገበያው፣ ስለ ጤናው፣ ስለ ትምህርቱ እናገራለሁ። እውነት ነው፤ አምጥቷል። ይህን ግን አልናገርም፤ በመድረክ የሚነገር ነገር አይደለም። ወርቅነሽን ቢታ ገነት ገበያ አልፎ አልፎ አገኛታለሁ። ማር ትሸጣለች፤ ወፍራለች፤ ድምፅዋም ጎልቷል፤ ሚዛን የሚያሳስት ነጋዴን ከሩቅ ስትቆጣ እሰማታለሁ። ሰላም ብላኝ እጇን ትሰጠኛለች። እጇ ሙቅ ነው። ሁልጊዜም በዚያች ቅጽበት፣ ይህን ያህል ዘመን አልፎም፣ መጀመሪያ የሚሰማኝ ደስታ አይደለም፤ ድንጋጤ ነው።